የእርሻ በሬ ሸጦ ዲግሪ መግዛት ያዋጣል ወይ?

ጥያቄ፦ «የምጽፍልዎ ከሰሜን ሸዋ ነው። በማኔጅመንት ዲግሪ ከተመረቅሁ አራት ዓመት ሆነኝ፤ ሥራ ስላላገኘሁ ባጃጅ እነዳለሁ። ታናሽ እህቴ በማኅበራዊ ሳይንስ የ12ኛ ክፍል ፈተና ተፈትና ከ600 238 አመጣች። በመንግሥት ዩኒቨርሲቲ ሪሚዲያል (የማካካሻ ትምህርት) ተመድባለች፤ ቦታው ግን የአንድ ቀን ተኩል መንገድ ነው። አባታችን መንገዱን ስለሚፈሩ ከሁለቱ በሬዎች አንዱን ሸጠው በአቅራቢያችን ባለች ከተማ በግል ኮሌጅ አካውንቲንግ ሊያስተምሯት ይፈልጋሉ። ከኮሌጁ የመጣ ሰው ሪሚዲያል ሳትወስድ በቀጥታ እናስገባታለን ብሏቸዋል። ጅዳ ያለችው አክስታችን የክፍያውን ግማሽ እችላለሁ ብላለች። እኔ ደግሞ የራሴን ዲግሪ ሳየው ለምን እንደምንደክም አይገባኝም። ዛሬ ዲግሪ ዋጋ አለው? የሚጠቀመው የሀብታም ልጅ ብቻ ነው የሚባለውስ እውነት ነው?»

ምላሽ፦ ወንድሜ፣ ጥያቄህ ብዙ ነገር ይዟል፤ ቀስ ብለን እንደርስበታለን። አንዱ ጉዳይ ግን ጊዜ አይሰጥም። ከኮሌጁ የመጣው ሰው ለአባትህ የነገራቸው ነገር ልክ አይደለም። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና ከተሰጠበት ጊዜ ጀምሮ በዲግሪ ለመማር 50 በመቶና ከዚያ በላይ ማምጣት ግዴታ ሆኗል፤ ይህ ለመንግሥትም ለግልም ተቋም ይሠራል። 238 ማለት 40 በመቶ የማይሞላ ውጤት ነው። ከ50 በታች ያመጣ ተማሪ ወደ ዲግሪ የሚገባው ሪሚዲያሉን ተምሮ ሲያልፍ ብቻ ነው። ይህን ዘልላ ብትገባ ኮሌጁ ክፍያውን በየሴሚስተሩ ይቀበላታል፤ አራት ዓመት ትማራለች፤ በመጨረሻ የመውጫ ፈተና ለመፈተን ስሟ ሲላክ የመግቢያ ውጤቷ ይታያል። የመውጫ ፈተናውን ያላለፈ ደግሞ ዲግሪ የለውም። የዚያን ጊዜ በሬው የለም፣ አራቱ ዓመት የለም፣ ያ ሰውም ስልኩን አያነሳም። ስለዚህ ሌላውን ምላሼን ሳታነብ በፊት አባትህ ዘንድ ሄደህ በሬው ለገበያ እንዳይወጣ አድርግ።

እንዲህ አስቸኩዬ የምናገረው በዚህ መንገድ የከሰሩ ቤተሰቦችን ስላየሁ ነው። ለብዙ ዓመታት በመንግሥት ዩኒቨርሲቲ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪዎችን አስተምሬአለሁ፤ ከዚያ በኋላ ሥራዬ የትምህርት ኢኮኖሚ ሆነ። ልጁ ዲግሪ እንዲይዝ መሬት ያከራየ፣ ከብት የሸጠ፣ ከአራጣ አበዳሪ የተበደረ አባት ፊት ለፊቴ ተቀምጦ «ታዲያ አሁን ምን ላድርግ?» ብሎኛል። መልስ አልነበረኝም። መልስ የሚኖረው ገንዘቡ ከመውጣቱ በፊት ነው።

አሁን ወደ ዋናው ጥያቄህ፦ ዲግሪ ዋጋ አለው ወይ?

የትምህርት ኢኮኖሚ ባለሙያዎች ይህን በቁጥር ሲለኩ ኖረዋል። ሳካሮፑሎስና ፓትሪኖስ የተባሉ ሁለት ሊቃውንት ከብዙ አገሮች የተሰበሰቡ ጥናቶችን አጠናቅረው በ2018 እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ባወጡት ሥራ፣ አንድ ተጨማሪ የትምህርት ዓመት የሰውን ገቢ በአማካይ 9 በመቶ ገደማ ከፍ ያደርጋል። በድሃ አገሮች ደግሞ የተማረ ሰው ጥቂት ስለሆነ ጥቅሙ ከዚህም ይበልጣል። ይህን አምናለሁ። ነገር ግን አማካይ የሚባለው ነገር አንተንና የባንክ ሥራ አስኪያጅን አንድ ላይ ደምሮ ለሁለት የሚያካፍል ስሌት ነው። ሰው የሚኖረው በራሱ ደመወዝ ነው፤ በአማካይ ደመወዝ የሚኖር የለም። አንተም ባጃጅህ ላይ ተቀምጠህ የምትጠይቀው ስለ ራስህ ስለሆነ አማካዩ መልስ አይሆንህም።

አባትህ ዲግሪን የሚያዩበት ዓይን ከየት እንደመጣ ማወቅ ይጠቅማል፤ እሳቸውም ያለ ምክንያት አይደለም እንዲህ የሚያስቡት። በ1943 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ኮሌጅ ሲከፈት የተማሪዎቹ ቁጥር 33 ነበር። በ1990 ዓ.ም. እንኳ በአገራችን ዩኒቨርሲቲ ተብለው የሚጠሩት አዲስ አበባና ዓለማያ (የዛሬው ሐረማያ) ሁለቱ ብቻ ነበሩ። አባትህ ልጅ ሳሉ ከቀበሌያቸው አንድ ሰው ዩኒቨርሲቲ ገባ ከተባለ የመንግሥት ሥራ፣ ቤትና ደመወዝ ተከትለውት ይመጡ ነበር። ያ ሰው ሥራ ያገኘው በእውቀቱ ብቻ አይደለም፤ እንደሱ ያለ ሰው ስላልነበረም ነው። ዛሬ የመንግሥት ዩኒቨርሲቲዎች ብቻ ከ40 በላይ ናቸው፤ የግል ኮሌጆችን ለመቁጠር ያስቸግራል። ወረቀቱ ያው ነው፤ ብርቅነቱ ግን ሄዷል። ብርቅ ያልሆነ ነገር ደግሞ ዋጋው በውስጡ ባለው ይወሰናል። ቀጣሪው «ዲግሪ አለህ?» ማለቱን ትቶ «ከየት? ምን መሥራት ትችላለህ? ማን ያውቅሃል?» ይላል። የከተማና የገጠር፣ ያለውና የሌለው ልጅ የሚለያዩትም እዚህ ላይ ነው።

በሐምሌ 2015 ዓ.ም. በሁሉም የትምህርት መስኮች ለመጀመሪያ ጊዜ የተሰጠውን የመውጫ ፈተና ውጤት ተመልከት። ከ150 ሺህ በላይ ተማሪዎች ተፈተኑ፤ ያለፉት 40 በመቶ ገደማ ናቸው። ይህን ሁሉም ሰምቶታል። ብዙ ሰው ያላስተዋለው ዝርዝሩን ነው። ከመንግሥት ተቋማት ከተፈተኑት 62.37 በመቶ አልፈዋል፤ ከግል ተቋማት ከተፈተኑት ግን ያለፉት 17.2 በመቶ ብቻ ናቸው። ከግል ኮሌጅ ተፈትነው ከነበሩት 72,203 ተማሪዎች ወደ 60 ሺህ የሚጠጉት ያን ጊዜ ዲግሪ ሳይይዙ ቀሩ ማለት ነው። እያንዳንዳቸው ከፍለዋል፤ ከእያንዳንዳቸው ጀርባ አንድ በሬ፣ አንድ ሱቅ ወይም ጅዳ ያለች አንዲት አክስት አለች።

ፍትሐዊ ለመሆን፣ የግል ተቋም ሁሉ መጥፎ ነው ማለቴ አይደለም። በሚገባ የሚያስተምሩ አሉ፤ ከነሱ የወጡ ጎበዝ ባልደረቦችም አሉኝ። ወደ ግል ኮሌጅ የሚገባው ተማሪም ብዙውን ጊዜ ዝቅተኛ ውጤት ያለው ወይም ቀን እየሠራ ማታ የሚማር ስለሆነ የውጤቱ ልዩነት የማስተማሩ ጉድለት ብቻ አይደለም። ይሁንና ነገሩን ገልብጠህ እየው። በጥሩ ትምህርት ቤት የተማረና ከፍተኛ ውጤት ያመጣ ልጅ መንግሥት እያበላና እያስተኛ በተሻለው ተቋም ያስተምረዋል። በደካማ ትምህርት ቤት የተማረችው ደግሞ ከኪሷ ከፍላ የባሰ ዕድል ትገዛለች። ድሃው ከሀብታሙ የበለጠ ከፍሎ ያነሰ የሚያገኝበት ገበያ ይህ ነው። «የሚጠቀመው የሀብታም ልጅ ብቻ ነው» ለሚለው ጥያቄህ የማምንበት መልስም ይኸው ነው። ድሃ ልጅ ከዲግሪ አይጠቀምም ማለት ስህተት ነው። መንገዱ ግን ለእሱ የተንጋደደ ነው፤ የተንጋደደውም ከዩኒቨርሲቲው በር ብዙ ቀደም ብሎ ነው።

የበሩን ነገር ካነሳን፣ በ2015 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና ከወሰዱት 845 ሺህ ተማሪዎች 50 በመቶና በላይ ያመጡት 27,267 ነበሩ፤ 3.2 በመቶ። በዚያው ዓመት 1,328 ትምህርት ቤቶች አንድም ተማሪ አላሳለፉም። አንድም! አንድ ትምህርት ቤት ውስጥ አርባ ሰነፍ ልጆች ሊኖሩ ይችላሉ፤ ነገር ግን ከ1,300 በላይ ትምህርት ቤቶች ውስጥ ያሉ ልጆች በሙሉ በአንድ ጊዜ ሰነፉ ብሎ የሚያምን ሰው ካለ ልጆቹን አያውቃቸውም። በሌላው ጫፍ ተማሪዎቻቸውን በሙሉ የሚያሳልፉ ጥቂት ትምህርት ቤቶች አሉ፤ በአብዛኛው ተማሪ መርጠው የሚቀበሉ ልዩ አዳሪ ትምህርት ቤቶች ናቸው። የማለፊያው መጠን በ2017 ዓ.ም. ወደ 8.4 በመቶ ከፍ ብሏል፤ ደስ ይላል። አንድም የማያሳልፉት ትምህርት ቤቶች ግን አሁንም አሉ፤ ጦርነት ያዘጋቸውም ተጨምረውባቸዋል። እህትህ 238 ያመጣችው በምን ዓይነት ትምህርት ቤት እንደሆነ አልጻፍህልኝም። ቤተ ሙከራና ቤተ መጻሕፍት የሌለው፣ የሒሳብ መምህሩ በዓመቱ እኩሌታ የተዛወረበት ትምህርት ቤት ከሆነ፣ ያ 238 በደንብ ተምሮ 320 ካመጣ የከተማ ልጅ ውጤት የበለጠ ልፋት የጠየቀ ሊሆን ይችላል።

አንድ የማልረሳውን ነገር ልንገርህ። ከዓመታት በፊት አንድ ከገጠር የመጣ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ የሒሳብ ፈተና ወድቆ ቢሮዬ መጣ። ወረቀቱን አብረን ከፈትን። ጥያቄው ድምራቸው 41፣ ልዩነታቸው 9 የሆኑ ሁለት ቁጥሮችን ፈልግ የሚል ነበር፤ የተጻፈው ግን በእንግሊዝኛ ስለሆነ በመጨረሻው ላይ «ሪስፔክቲቭሊ» (እንደ ቅደም ተከተላቸው) የምትል ቃል አለችበት። ልጁ 41ን እና 9ን ደምሮ 50፣ ቀንሶ 32 ብሎ ጽፏል። ድምሩም ቅናሹም ትክክል ነው፤ የተጠየቀው ግን ሌላ ነው። ቁጥሮቹ ራሳቸው 41 እና 9 የሆኑ መስሎታል። «የዚች ቃል ትርጉም ምንድን ነው?» አልሁት። ዝም አለ። ጥያቄውን በአማርኛ ነገርሁት፤ ተናግሬ ሳልጨርስ «25 እና 16» አለኝ። ወረቀትም አልያዘም፤ እስክሪብቶም አላነሳም።

ይህ ልጅ ሒሳብ ይችላል። የወደቀው በአንዲት ቃል ነው። ከመዋዕለ ሕፃናት ጀምሮ በእንግሊዝኛ ሲማር የኖረ የከተማ ልጅ ያችን ቃል ሳያስተውላት ያልፋታል፤ እሱ ግን ከ9ኛ ክፍል ጀምሮ መጽሐፉ በእንግሊዝኛ፣ መምህሩ በአማርኛ ሲያስተምሩት የቆየ ነው። የከፍተኛ ትምህርት አለመመጣጠን ስንል ሰው ሕንፃና በጀት ይመስለዋል። እኔ ያን ወረቀት አስባለሁ። ለእህትህም ሪሚዲያሉን እንደ ቅጣት እንዳታዩት የምለምነው ለዚህ ነው። ሪሚዲያል ማለት ትምህርት ቤቷ ያልሰጣትን እንግሊዝኛና ሒሳብ በመንግሥት ወጪ እንደገና የምታገኝበት አንድ ዕድል ነው። ይህን መዝለል «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» የሚባለውን መሆን ነው፤ መሠረቱ ሳይጠገን የመጀመሪያ ዓመት ብትገባ የሚጠብቃት ያው ቃል፣ ያው ጥያቄ ነው።

ሪሚዲያል ቀላል ነው እያልሁህ አይደለም። ጊዜው የወራት ጉዳይ ነው፤ ውጤቱ ከሁለት ይሰበሰባል፦ ዩኒቨርሲቲው ራሱ ከሚሰጠው ምዘናና ከማዕከል ከሚመጣው ፈተና፤ ትልቁን ድርሻ የሚይዘውም የማዕከሉ ነው። 50 በመቶ ያላመጣ ይመለሳል። ስለዚህ «ዩኒቨርሲቲ ገባሁ» ብላ የምትዝናናበት ጊዜ እንዳይመስላት። ብዙዎች የሚወድቁት የመጀመሪያዎቹን ሦስት ሳምንታት ግቢውን በመልመድ ስለሚያሳልፉት ነው፤ ነቅተው መጽሐፍ ሲገልጡ ፈተናው ደርሷል።

ወደ በሬው ልመለስ፤ ይህ ክፍል ለእኔ ከሁሉም በላይ ከባድ ነው። ከተማ ያሉ አማካሪዎች የኮሌጅ ወጪ ሲያሰሉ የትምህርት ክፍያ፣ መጽሐፍ፣ የቤት ኪራይ ብለው ያቆማሉ። የአባትህ ስሌት ሌላ ነው። ሁለት በሬ ያለው ገበሬ ጥማድ አለው፤ ዝናቡ ሲመጣ በራሱ ቀን ያርሳል። አንዱን ሲሸጥ መቀናጆ ይፈልጋል፤ አንድ በሬ ካለው ጎረቤት ጋር አቀናጅቶ ቀን ተራ ያርሳል። የጤፍ ዘር ደግሞ ተራ አይጠብቅም። መሬቱ ለስልሶ የሚዘራበት ጥቂት ቀን የጎረቤቱ ተራ ሆኖ ከዋለ ምርቱ ያንሳል። መቀናጆ ካላገኘ መሬቱን ለሌላ እኩል ይሰጥና ከእህሉ ግማሹን ያጣል። ይህ በአንድ ዓመት አያበቃም፤ እህትህ በተማረችባቸው አራት ዓመታት ሁሉ ይደጋገማል። ስለዚህ የበሬው ዋጋ በገበያ ቀን የሚቆጠረው ብር ብቻ አይደለም። ለኮሌጁ የሚከፈለው ብር ላይ የአራት ዓመት የእህል ጉድለት ጨምርበት። እነዚህን ደምረህ ከ100 ተፈታኝ 17ቱ ብቻ ያለፉበትን ውጤት አጠገቡ አስቀምጠው፤ ከዚያ ለአባትህ በእርጋታ አንብብላቸው። ገበሬ ከማንም በላይ ስሌት ይገባዋል።

የመንግሥት ዩኒቨርሲቲስ ነፃ ነው ወይ? አይደለም፤ ግን የሚከፈልበት ጊዜ ይለያል። በ1995 ዓ.ም. በወጣው ደንብ ቁጥር 91 በተጀመረው ሥርዓት ተማሪው የወጪ መጋራት ውል ይፈርማል፤ ከሥልጠናው ወጪ የተወሰነውን፣ ከምግብና ከመኝታው ደግሞ ሙሉውን በስሙ ያስመዘግባል። ይህን የሚከፍለው ተመርቆ ሥራ ሲይዝ፣ ቢያንስ ከደመወዙ 10 በመቶ እየተቆረጠ ነው። ሥራ ሳይያዝ በሬ የሚያሸጥ ዕዳ አይደለም። ቀሪውን የሚሸፍነው ግብር ነው፤ ግብሩን የሚከፍለው ደግሞ አባትህም ጭምር ናቸው። ጨውና ሳሙና በገዙ ቁጥር አዋጥተዋል። ለብዙ ዓመታት ልጁን ውድ የግል ትምህርት ቤት ያስተማረ ሀብታም በመንግሥት ዩኒቨርሲቲ በነፃ ሲያስተምር ወጪውን ይጋሩት የነበሩት እንደ አባትህ ያሉ ሰዎች ናቸው። ይህ ያስቆጣኛል፤ አልደብቅህም። አሁን ለልጃቸው ተራው ደርሶ አንድ ወንበር ሲሰጣት እሱን ትተው በራሳቸው በሬ ሌላ ወንበር እንዲገዙ የሚነግራቸው ሰው ሲመጣ ደግሞ የባሰ ያስቆጣኛል።

አባትህ መንገዱን መፍራታቸው ግን ከንቱ ፍርሃት አይደለም፤ ማንም እንዲያቃልልባቸው አልፈልግም። ተማሪዎች ከአውቶቡስ ወርደው ሲታገቱ የሰማ አባት ልጁን የአንድ ቀን ተኩል መንገድ ሲልክ እንቅልፍ ቢያጣ ትክክል ነው። መጀመሪያ የምደባ ለውጥ መጠየቅ ይቻል እንደሆነ አጣሩ፤ በጤና ወይም በሌላ ከባድ ምክንያት የሚቀርብ ማመልከቻ አንዳንዴ ይሰማል፤ ማስረጃ ግን ይፈልጋል። ካልተሳካ ብቻዋን አትሂድ። ከወረዳችሁ ወይም ከዞኑ እዚያው የተመደቡ ሌሎች ልጆች ይኖራሉ፤ የትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ዝርዝሩን ያውቃል። አንድ ላይ በቀን ይጓዙ፤ አዳራቸው በትልቅ ከተማ ይሁን። እዚያው ግቢ የሚማር አንድ ነባር ተማሪ ስልክ ካገኛችሁ መንገዱ ሰላም የሆነበትንና ያልሆነበትን ሳምንት ከማንም የተሻለ ይነግራችኋል። እውነት መንገዱ የማይሄዱበት ሆኖ ከተገኘ ደግሞ ሕይወቷ ይቀድማል። ያኔ በአቅራቢያ ያለ፣ ሪሚዲያል እንዲሰጥ የተፈቀደለት ተቋም ፈልጉ፤ ከመክፈላችሁ በፊት ስለ ፈቃዱ የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣንን ጠይቁ። ፈቃድ የሚሰጠው ለኮሌጁ ስም በጅምላ አይደለም፤ ለእያንዳንዱ ካምፓስና ለእያንዳንዱ የትምህርት ዓይነት ነው። አዲስ አበባ ያለው ዋናው ግቢ ፈቃድ አለው ማለት እናንተ ከተማ ፎቅ ላይ የተከራየው ቅርንጫፍ አለው ማለት አይደለም። ግድግዳ ላይ የተሰቀለ ወረቀት ቢያሳዩህ የካምፓሱን ስምና ዘመኑን አንብብ።

የአክስታችሁ ገንዘብ። ጅዳ ውስጥ በሰው ቤት የሚሠራ ሰው የሚልከው ብር ምን እንደሆነ አንተም ታውቃለህ። ለኮሌጁ ካሰበችው ጥቂቷን ብቻ ብትሰጥ ሥራ ትሠራለች፦ ለትራንስፖርት፣ ለኪስ፣ ደህና ያገለገለ ላፕቶፕ ለመግዛት። ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ያለው ልዩነት በምግብ አዳራሹ አይታይም፤ ሁሉም ያንኑ ወጥ ይበላል። የሚታየው ማታ ነው። አንዷ አልጋዋ ላይ ሆና ያልገባትን ትምህርት በቪዲዮ ደጋግማ ታያለች፤ ሌላዋ የኮምፒውተር ክፍል ወረፋ ትጠብቃለች። ሴት ልጅ ከሆነች ደግሞ ሌላም አለ፤ የንጽሕና መጠበቂያ መግዣ አጥታ በየወሩ ሦስት አራት ቀን ከክፍል የምትቀር ተማሪ አስተምሬአለሁ፤ ምክንያቱን ያወቅሁት በጓደኛዋ በኩል ዘግይቼ ነው። በየዩኒቨርሲቲው የሥርዓተ ፆታ ክፍል አለ፤ ለሴት ተማሪዎች ተጨማሪ ትምህርት ያዘጋጃል፤ አቅም ለሌላቸውም መጠነኛ ድጋፍ ያደርጋል። እህትህ በገባች በመጀመሪያው ሳምንት ሄዳ ትመዝገብ። ልጆቻችን ማፈር ስለሚያበዙ የሚሄዱት ከወደቁ በኋላ ነው።

ሪሚዲያሉን ባታልፍስ? ይህንንም ከአሁኑ ተነጋገሩበት፤ ያኔ በለቅሶ መሃል የሚወሰን እንዳይሆን። ከዚያ በኋላ ያለው ቴክኒክና ሙያ ነው፤ እኔ ለልጄም የምመክረው መንገድ ነው። በእኛ አገር ቴክኒክና ሙያ «የወደቀ መጣያ» ተደርጎ መታየቱ ብዙ ልጆችን ጎድቷል። የኤሌክትሪክ መስመር መዘርጋት፣ ልብስ መስፋት፣ የሒሳብ መዝገብ በኮምፒውተር መያዝ የምትችልና የብቃት ምዘናውን ያለፈች ልጅ፣ ምንም ሳይለማመድ በዲግሪ ከተመረቀ ሰው ቀድማ ሥራ ስትይዝ በተደጋጋሚ አይቻለሁ። አካውንቲንግ ከወደደች እዚያም አለ፤ ክፍያው ከዲግሪው ያነሰ ነው፤ በሬም አያሸጥም።

ስለ ራስህ ያልኸውን አልዘለልሁትም። አራት ዓመት ባጃጅ መንዳትህን የዲግሪህ ውድቀት ማስረጃ አድርገህ ጽፈህልኛል። የተማርኸው መስክ ብዙ ተቋማት በብዙ ተማሪ የሚያስመርቁት ስለሆነ ቀጣሪ ከመቶ አንድ የሚለይበት ምክንያት ያስፈልገዋል፤ ያን ምክንያት ደግሞ ማንም ቁጭ አድርጎ አላስተማረህም። ይህ ያንተ ጥፋት አይደለም። አንድ ነገር ግን ልጠይቅህ፦ በቀን ስንት ሰው ትጭናለህ፣ ነዳጅ ስንት ይወጣል፣ ለባለቤቱ ስንት ታስገባለህ፣ ጎማና ዘይት በወር ስንት ይፈጃል? ይህን በደብተር ይዘኸው ከሆነ የአንድ አነስተኛ ድርጅት ሒሳብ እየያዝህ ነው። ካልያዝኸው ዛሬ ጀምር። ከተማ ውስጥ ፒችትሪ የሚባለውን የሒሳብ መያዣ የኮምፒውተር ፕሮግራም የሚያስተምር ማሠልጠኛ ካለ የማታውን ተማር። ከዚያ የወረዳችሁን ኅብረት ሥራ ዩኒየኖችና የብድርና ቁጠባ ተቋማት ማመልከቻ ይዘህ አዳርሳቸው። የስድስት ወር ደብተር የሚያሳይ አመልካች አጠገቡ ከተሰለፉት ሁሉ ይለያል፤ እኔ በቃለ መጠይቅ ኮሚቴ ተቀምጬ እንዲህ ዓይነቱን ሰው ብፈልግም ያገኘሁት ሁለት ጊዜ ብቻ ነው።

ለእህትህ ደግሞ ካንተ የተሻለ አስጠኚ የላትም። ጥሪው እስኪወጣ ድረስ ያለውን ጊዜ አታባክኑት። የ9ኛና የ10ኛ ክፍል የሒሳብ መጽሐፍ ከጎረቤት ተዋሱ፤ የ12ኛውን ተዉት፤ ጉድለቱ ያለው ከታች ነው። በየቀኑ አምስት የእንግሊዝኛ ጥያቄ ስጣት፤ መልሱን ከማየትህ በፊት ግን ጥያቄው ምን እንደሚል በአማርኛ ትንገርህ። የማታውቃትን ቃል በትንሽ ደብተር ትጻፍ፤ ሌሎቹን ራሷ ታገኛቸዋለች፤ የመጀመሪያዋ ቃል «ሪስፔክቲቭሊ» ትሁን።

የጥሪ ማስታወቂያው ሲወጣ የሚጠየቀው በአብዛኛው ተመሳሳይ ነው፦ የ8ኛ ክፍል ካርድ፣ ከ9ኛ እስከ 12ኛ ያለው ትራንስክሪፕት ዋናውና ኮፒው፣ የ12ኛ ክፍል ውጤት፣ ብርድ ልብስ፣ አንሶላ፣ የትራስ ልብስ፣ የስፖርት ትጥቅና ጉርድ ፎቶግራፍ። ትራንስክሪፕቱን ከትምህርት ቤቷ አሁኑኑ አስወጡ፤ ርእሰ መምህሩ ሌላ ቦታ ከተዛወሩ ወይም ማኅተሙ ከተቆለፈበት ሁለት ሳምንት ይፈጃል። ፎቶግራፉንም እናንተ ዘንድ ትነሳ፤ ግቢው በር ላይ ያሉት በምዝገባ ሰሞን ዋጋውን ይሰቅሉታል።